ለመርከብ ሆድ ምን ስም ልስጠው?

ለልጆች የሚነበብ ትረካ በአማርኛ እየጻፍኩ አንድ ቃል ላይ ቆሜያለሁ። ታሪኩ «ለ ቦን ፓፓ» ስለምትባል ባለሸራ መርከብ ነው።

ተሳፋሪዎቿ አካዲያውያን ናቸው። ከ1755 ጀምሮ እንግሊዞች ዛሬ የካናዳ ክፍል ከሆነችው ከኖቫ ስኮሺያ ያባረሯቸው ፈረንሳይኛ ተናጋሪዎች። 30 ዓመት ገደማ ከተንከራተቱ በኋላ፣ በ1785 ስፔን ወጪውን ችላ በ7 መርከቦች 1,600 ያህሉን ከፈረንሳይ ወደ ሉዊዚያና (ዛሬ አሜሪካ ውስጥ ያለች፣ ያኔ የስፔን ግዛት) ወሰደቻቸው። ቦን ፓፓ ቀዳሚዋ ናት፤ ሜይ 10 ተነስታ ጁላይ 29 ኒው ኦርሊንስ ገባች። ሰማንያ ቀን! (ዓመቶቹ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው።)

ለሸራ መስቀያው ግንድ «ደቀል» የሚለውን ከመጽሐፍ ቅዱስ አገኘሁ፤ ደስ አለኝ። የቸገረኝ ሰዎቹ የሚተኙበት ቦታ ነው። ከላይኛው ወለል በታች፣ ከዕቃ ማከማቻው በላይ ያለው፣ ጣሪያው ዝቅ ያለ፣ ጨለም ያለ ክፍል። ፈረንሳዮቹ «አንትርፖን» ይሉታል።

«ምድር ቤት» ብዬ ሞከርኩ፤ የቪላ ቤት መሰለ። «መጋዘን» ስል ሰዎቹ ጆንያ ሆኑብኝ። «አንደኛ ፎቅ» ያልኩ ዕለትማ ልጄ «መርከቡ ኮንዶሚኒየም ነው እንዴ?» ብላ ሳቀችብኝ። «አንትርፖን» ብዬ እንዳልተወው ደግሞ ትረካው ጮክ ተብሎ የሚነበብ ነው፤ በየገጹ ማስረዳት አልችልም።

በመርከብ የሠራችሁ፣ ወይ ምጽዋና አሰብ ወደብ ላይ ያደጋችሁ፣ ይህን ክፍል በአማርኛ ምን ብላችሁ ነው የምትጠሩት?