የ12 ሰው እቁብ፦ በመጀመሪያዎቹ ሦስት ወራት የመድረስ ዕድላችን ስንት ነው?

ባለሱቋ፦
ሰላም ለሁላችሁ። እኔና ታናሽ እህቴ 12 አባላት ባሉት ወርሃዊ እቁብ በየግላችን ገብተናል። በየወሩ አንድ እጣ ይወጣል፤ የደረሰው ሰው ከእጣው ይወጣል። በሦስተኛው ወር መጨረሻ ለሱቅ ኪራይ ቀብድ መክፈል አለብን። እስከዚያ ቢያንስ ለአንዳችን የመድረስ ዕድሉ ስንት ነው? ለእኔ 3/12፣ ለእሷም 3/12፣ ሲደመር 50 በመቶ ይመስለኛል። ልክ ነው?

የቁጥር ወዳጅ፦
ተቀራርቧል፣ ግን ትንሽ በዝቷል። ለሁለታችሁም የሚደርስበት አጋጣሚ ሁለቴ ተቆጥሯል። እንዲህ እንቁጠረው። ከ12 ሰው 3 ባለእጣ በቅደም ተከተል ሲወጣ 12 × 11 × 10 = 1320 ነው። ለጥያቄሽ ግን ማን ቀደመ ማን ተከተለ ለውጥ የለውም። ሦስት ሰው በ6 ዓይነት መንገድ ስለሚሰለፍ ለ6 ስናካፍለው 220 ጥምረት ይቀራል። ሁለታችሁም የሌላችሁበት ከቀሪዎቹ 10 ሰዎች ብቻ የሚመጣው ነው፦ 10 × 9 × 8 ÷ 6 = 120። ስለዚህ ቢያንስ አንዳችሁ ያላችሁበት 100 ነው። 100/220 ማለት 5/11፣ ወደ 45.5 በመቶ። «ቢያንስ» የሚል ጥያቄ ሲመጣ «ለማንም የማይደርስበትን» ቆጥሮ መቀነስ ብዙ ጊዜ ይቀላል።

የ12ኛ ተማሪ፦
ይህን ያህል ለምን ይወሳሰባል? ሊሆን የሚችለው አራት ነገር ነው፦ ለሁለቱም፣ ለእሷ ብቻ፣ ለእህቷ ብቻ፣ ለማንም። ሦስቱ ጥሩ ስለሆኑ 3/4 አይሆንም?

መምህርት፦
አይሆንም ወንድሜ፤ አራቱ እኩል ዕድል የላቸውም። ከ220ው ሁለቱም ያሉበት 10፣ እሷ ብቻ ያለችበት 45፣ እህቷ ብቻ ያለችበት 45፣ ማንም የሌለበት 120 ነው። ቆጥሮ ማካፈል የሚያዋጣው የሚቆጠሩት ነገሮች እኩል ዕድል ሲኖራቸው ብቻ ነው። ይህን ደጋግመህ አስብበት፣ ፈተና ላይ ብዙ ተማሪ የሚሳሳተው እዚህ ነው። ታላቁ ፈረንሳዊ የሒሳብ ሊቅ ዳላምቤር ሳይቀር በ1754 እ.ኤ.አ. ሳንቲም ሁለቴ ሲወረወር ቢያንስ አንዴ ዘውድ የመውጣቱ ዕድል 2/3 ነው ብሎ ጽፏል። መጀመሪያ ዘውድ ከወጣ ሁለተኛው አያስፈልግም ብሎ ሦስት ውጤት ብቻ ቆጠረ። ዘውድ ዘውድ፣ ዘውድ ጎፈር፣ ጎፈር ዘውድ፣ ጎፈር ጎፈር ብለህ ብትዘረዝር ግን 3/4 ታገኛለህ።

የመርካቶ እቁብተኛ፦
እህቴ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። የመጀመሪያውን እጣ ዳኛው አይወስድም? ብዙ እቁብ ላይ እንደዚያ ነው።

ባለሱቋ፦
አዎ፣ የመጀመሪያው ያለ እጣ የዳኛችን ነው። ለውጥ ያመጣል እንዴ?

የቁጥር ወዳጅ፦
በጣም እንጂ! እንግዲያው ለእጣ የሚቀርበው 11 ሰው፣ እስከ ሦስተኛው ወር የሚወጣውም 2 እጣ ብቻ ነው። ጥምረቱ 11 × 10 ÷ 2 = 55፣ እናንተ የሌላችሁበት 9 × 8 ÷ 2 = 36። የቀረው 19/55 ነው፣ ወደ 34.5 በመቶ።

የመርካቶ እቁብተኛ፦
ከሦስት አንድ ያህል ማለት ነው። በዚህ ተማምናችሁ ቀብድ አትዋዋሉ። ገንዘቡ ያላስቸኮለው እቁብተኛ ካለ ተራ ይለውጣችኋል፤ ዳኛውን ቀድማችሁ አነጋግሩት።

ባለሱቋ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። አከራዩ እስከ አምስተኛው ወር ቢታገሠንስ?

የቁጥር ወዳጅ፦
ያኔ 4 እጣ ይወጣል። ከ11 ሰው 4 ሲመረጥ 330 ጥምረት፣ እናንተ የሌላችሁበት 126። 204/330፣ ወደ 62 በመቶ። እኔ ብሆን አከራዩን ዛሬውኑ አነጋግረው ነበር።