እናቴን ከጎንደር አዲስ አበባ በአውሮፕላን

ጠያቂ፦ እናቴ ለመጀመሪያ ጊዜ በአውሮፕላን ልትሄድ ነው። ጉልበቷን ያማታል፤ ከ700 ኪሎ ሜትር በላይ በመኪና አትችልም። ቅቤና በርበሬ ይዛ መግባት ትችላለች? የአውሮፕላኑን ደረጃስ እንዴት ትወጣለች?

የአዘዞ ልጅ፦ አይዞህ ወንድሜ። አፄ ቴዎድሮስ አውሮፕላን ማረፊያ ትንሽ ነው፤ ብዙ አያስኬድም። ትኬቱን ስትቆርጥ ግን ተሽከርካሪ ወንበር አስመዝግብላቸው። ይህን እንዳትረሳ! በርበሬውም ቅቤውም በሚጫነው ሻንጣ ይሁን፤ ቅቤው በደንብ ይታሸግ።

ከማራኪ፦ ማረፊያው ያለበት አዘዞ ለጎንደር ቅርብ ነው ብላችሁ እንዳትዘናጉ። ቀደም ብላችሁ ድረሱ። የእማማ መታወቂያ ጊዜው አለማለፉን እይ።

የአዘዞ ልጅ፦ አንድ ልጨምር። ሜዳው ከባሕር ወለል በላይ 2000 ሜትር ገደማ ነው። አየሩ ስስ ስለሆነ አውሮፕላኑ ለመነሳት ረዘም አድርጎ ይንደረደራል። እንዳይደነግጡ ቀድመህ ንገራቸው።