የፎገራ ረግረጎች፦ እርሻውና ወፎቹ እንዴት አብረው ይኑሩ?

ጥያቄ፦ ጣና እ.ኤ.አ. በ2015 በዩኔስኮ በባዮስፌር ጥብቅ ስፍራነት (ተፈጥሮና የሰው ኑሮ ተጣጥመው እንዲቀጥሉ በሚጠበቅ ቦታነት) ቢመዘገብም፣ ከሐይቁ በስተምሥራቅ ባለው በፎገራ የሸሸርና የወላላ ረግረጎች ውሃቸው በሞተር ፓምፕ እየተሳበ፣ ዳርቻቸውም እየታረሰ ጠብበዋል። የአውሮፓን ብርድ ሸሽተው የሚመጡት ክሬኖች (እግረ ረጅም ትልልቅ ወፎች) ማደሪያ እንዳያጡ፣ ገበሬውም እንዳይራብ ምን ይደረግ?

መልስ፦ የተወለድኩት እዚያው ፎገራ ነው። ውሃው ሲሸሽ በእርጥቡ ጥቁር አፈር ላይ ሽምብራና ጓያ እንዘራለን፤ ክሬኖቹም ማለዳ የረገፈውን ፍሬ ሲለቅሙ በሬዎቻችንን አይፈሩም። ስለዚህ እርሻው ራሱ ጠላታቸው አይደለም፤ የሚጎዳቸው ውሃው እስከ ጭቃው ተስቦ ሲያልቅ ነው።

መልስ፦ እስማማለሁ፤ ሆኖም ክልከላ ብቻውን አይሠራም። ታንኳ የሚሠራበት ደንገል ሥሩ ሳይነቀል ቢታጨድ መልሶ ይበቅላል፣ ታንኳ ሠሪውም ሥራ አያጣም። የሚሳበውን ውሃ መጠን መንደርተኛው ራሱ ተመካክሮ ቢወስን፣ ለሚቀርበት ምርትም ካሳ ቢያገኝ፣ ረግረጉን ይጠብቀዋል ብዬ አምናለሁ።