በስሙ ሌሎች የጻፉለት ሰው፦ ፊሊፕ ዮርዳን ባለውለታ ነው ወይስ ስም ነጣቂ?

የአራት ኪሎ ልጅ፦
እስቲ እንከራከር። ፊሊፕ ዮርዳን የሚባል የሆሊውድ ጸሐፊ ነበር። በ1914 ቺካጎ ተወለደ፣ በ2003 ሞተ (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው)። የ1950ዎቹን የካውቦይ ፊልም የምትወዱ ሥራውን ታውቁታላችሁ፣ ስሙን ግን እጠራጠራለሁ። «ጆኒ ጊታር»፣ «ብሮክን ላንስ»፣ «ዘ ማን ፍሮም ላራሚ»፣ «ዴይ ኦፍ ዘ አውትሎው» ላይ ሁሉ ስሙ አለ። ነገሩ እንዲህ ነው። ከ1947 ጀምሮ ኮሚኒስት ናችሁ ተብለው ጥቁር መዝገብ ላይ የሰፈሩ ጸሐፊዎች በስማቸው መሥራት አልቻሉም። እሱ ጽሑፋቸውን በራሱ ስም እያስገባ ክፍያውን ይካፈላቸው ነበር። ቤን ማዶና በርናርድ ጎርደን ከነዚህ ናቸው። እኔ ስም ነጣቂ ነው ባይ ነኝ። እናንተስ?

ሜሪላንድ ያለሁት፦
ኧረ ወንድሜ፣ አትቸኩል። ዘመኑን አስበው እንጂ። አሥር የሆሊውድ ሰዎች የአሜሪካ ኮንግረስ ፊት ቀርበው ኮሚኒስት ናችሁ ወይ ሲባሉ አንመልስም በማለታቸው በ1950 እስር ቤት ወረዱ። ከዚያ በኋላ እንኳን ሥራ ሊሰጣቸው ሰላም የሚላቸውም ጠፋ። ልጅ አለ፣ የቤት ኪራይ አለ፣ እና በዚህ ሰዓት አንዱ መጥቶ ጻፍ፣ እከፍልሃለሁ ቢልህ ስሜ ካልወጣ ሞቼ እገኛለሁ ትላለህ? ደግሞ ጎርደንን ተመልከት። በ1999 ዳይሬክተሩ ኢሊያ ካዛን ጓደኞቹን አሳልፎ ሰጥቷል ብለው የክብር ኦስካሩን ከተቃወሙት ግንባር ቀደሞች አንዱ እሱ ነው። ይህን ያህል ቂም የማይረሳ ሰው ከዮርዳን ጋር አውሮፓ ድረስ ሄዶ ዓመታት ሠርቷል።

የአራት ኪሎ ልጅ፦
አማራጭ ስላልነበረው ነዋ! ዮርዳን ያገኘውን ኦስካርም እንየው። በ1949 «ሃውስ ኦቭ ስትሬንጀርስ» የሚባል ፊልም ወጣ። ታሪኩ ከጄሮም ዋይድማን ልቦለድ የተወሰደ ነው። ዳይሬክተሩ ጆሴፍ ማንኪዊች ስክሪፕቱን እንደገና የጻፍኩት እኔ ነኝ አለ፣ ግን ስሙን ከዮርዳን ጎን ማስፈር አልፈለገም። የዮርዳን ስም ብቻውን ቀረ። ከዚያ ያው ታሪክ ካውቦይ ለብሶ በ1954 «ብሮክን ላንስ» ሆነ፣ ስክሪፕቱን ሪቻርድ መርፊ ጻፈው፣ የታሪኩን ኦስካር ግን ማን ወሰደ? ዮርዳን። ፊልሙን ያዘጋጀው ኤድዋርድ ዲሚትሪክ ደግሞ ከአሥሩ እስረኞች አንዱ ሆኖ በኋላ የጓደኞቹን ስም የተናገረው ሰው ነው። ይህ ነገር ሁሌ ያመኛል።

ሰምና ወርቅ፦
ሰውየው ምንም አይጽፍም አትበሉ እንጂ። «አና ሉካስታ» የተባለውን ቲያትር ስለ አንድ የፖላንድ ዘር ቤተሰብ ጽፎት በኒው ዮርክ የሃርለም ሰፈር ጥቁር ተዋንያን ወሰዱት፣ በ1944 ትልልቆቹ ቲያትር ቤቶች ያሉበት ብሮድዌይ ገብቶ ከ900 ጊዜ በላይ ታየ። ይሄ ጥቁር መዝገብ ከመምጣቱ በፊት ነው። «ጆኒ ጊታር»ን ማን እንደጻፈው ግን እስከ ዛሬ ያከራክራል፣ ማዶ ነው የሚልም አለ፣ ዮርዳን የሚልም አለ። ማን ይናገር የነበረ ይባላል፣ እዚህ ግን የነበሩትም አልተስማሙም። እኔን የሚገርመኝ ሌላ ነው። በዚያ ፊልም መጨረሻ ሽጉጥ የሚማዘዙት ሁለት ሴቶች ናቸው፣ ደግሞ የሌላ ሰው ስም ተናገር እየተባለ በፍርሃት የሚጨነቅ ልጅ አለ። የዘመኑ ጭንቅ እዚያ ውስጥ ቁልጭ ብሎ ይታያል፣ ማንም ይጻፈው ማን።

ስክሪፕት የምትጽፈው፦
«ማንም ይጻፈው ማን» አትበል ወንድሜ፣ በጣም ከፋኝ። እኔ ለአንድ ተከታታይ ድራማ ብዙ ክፍል ጽፌ ስሜ ሳይወጣ ቀርቷል። ብሬ ተከፍሎኛል። እናቴ ግን ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጣ የስም ዝርዝሩ እስኪያልቅ ጠበቀች፣ እኔም አጠገቧ ነበርኩ። ብር ያልቃል፣ ቀጣዩን ሥራ የሚያመጣልህ ስምህ ነው። ዮርዳን በሌሎች ጽሑፍ ስሙ ከፍ ባለ ቁጥር ቀጣዩ ውል ለእሱ ይመጣል፣ እነሱ እንደገና እሱ በር ላይ ይቆማሉ። ግማሽ ክፍያ ይህን አያካክስም።

ሜሪላንድ ያለሁት፦
እህቴ፣ እውነትሽን ነው፣ አልክድም። ግን በር የዘጋው እሱ አይደለም። የዘጉት ስቱዲዮዎቹ ናቸው። ዋናዎቹን ጥፋተኞች ትተን በስርቆሽ በር ያስገባውን ሰው ብቻ ስንወቅስ ልክ አይመስለኝም። በኋላ የደራስያኑ ማኅበር የብዙዎቹን ስም መልሷል፣ የ«ኤል ሲድ»ን ጸሐፊ የቤን ባርዝማንን ጨምሮ።

የአራት ኪሎ ልጅ፦
ባርዝማን በ1989 ሞቷል፣ ስሙ የተመለሰው ከዚያ 10 ዓመት ቆይቶ ነው። አንድ ነገር ብቻ መልስልኝ። በ1960 ከአሥሩ እስረኞች አንዱ የነበረው ጸሐፊ ዳልተን ትራምቦ በ«ስፓርታከስ»ና በ«ኤክሶደስ» በገዛ ስሙ ወጣ። በሩ ተከፈተ ማለት ነው። ታዲያ ከሁለት ዓመት በኋላ ጎርደን የጻፈው «ዘ ዴይ ኦቭ ዘ ትሪፊድስ» ላይ ለምን የዮርዳን ስም ተለጠፈ?

ሜሪላንድ ያለሁት፦
ለዚህ መልስ የለኝም። እስከ 1960 ያለውን እከራከርልሃለሁ፣ ከዚያ ወዲህ ያለውን ግን አልችልም።