ጥቆማ፦ ደሴ ላይ የስልክን ኢንተርኔት ለላፕቶፕ ለማጋራት የትኛው ሲም፣ የትኛው መንገድ ይሻላል?

ጥያቄ፦ ደሴ ከቤቴ ሆኜ በላፕቶፕ እሠራለሁ። የቤት ኢንተርኔት ስላላስገባሁ በስልኬ ዳታ ለመጠቀም አስቤአለሁ። ጥቅል ሳይገዛ በነፃ የሚያስገባ አፕ እንዳለም ሰዎች ነግረውኛል። ምን ትመክሩኛላችሁ?

መልስ፦ ኢትዮ ቴሌኮምም ሳፋሪኮምም ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ይሠራሉ። ሆኖም ከተማዋ በጦሳ ተራራና በአዝዋ ገደል መካከል የተቀመጠች በመሆኗ ኔትወርኩ ከቤት ቤት ስለሚለያይ፣ የጎረቤት ምስክርነት ብዙም አይረዳዎትም። ከቤተሰብ ሁለቱንም ሲም ተውሰው፣ በሚሠሩበት ክፍል ውስጥ፣ በተለይ ሰው ሁሉ ኢንተርኔት በሚከፍትበት የምሽት ሰዓት ቢሞክሩ ይሻላል። ሥራዎ ወደ ገጠር ወረዳዎች የሚያስወጣዎት ከሆነ ግን ሰፊ ሽፋን ያለውን ኢትዮ ቴሌኮምን እመርጣለሁ። የኢትዮ ቴሌኮምን ጥቅል በ*999# ወይም በቴሌብር ሲገዙ የሚያገለግልበትን ሰዓት ያንብቡ፤ የሌሊት ጥቅል ቀን ላይ አይሠራም።

ለአንድ ላፕቶፕ ከሆነ ያለ ማመንታት የምመክረው በዩኤስቢ ኬብል ማገናኘትን ነው። በአየር ላይ የሚታይ ዋይፋይ ስለማይኖር ማንም ሊገባበት አይሞክርም፤ ስልኩም እየሠራ ቻርጅ ይደረጋል፤ መብራት ሲጠፋ ግን የላፕቶፑን ባትሪ እንደሚወስድ ያስቡበት። በየሱቁ ከሚሸጡት ርካሽ ኬብሎች አንዳንዶቹ ቻርጅ ብቻ እንጂ ዳታ ስለማያስተላልፉ፣ ከመግዛትዎ በፊት እዚያው ያስሞክሩ። አንድሮይድ ስልክ ከማክ ኮምፒውተር ጋር በኬብል አብዛኛውን ጊዜ አይግባባም፤ አይፎንን ከዊንዶውስ ጋር ለማገናኘት ደግሞ የአፕልን ሶፍትዌር መጫን ያስፈልጋል።

ሆትስፖት፣ ማለትም የስልክን ኢንተርኔት በዋይፋይ ማጋራት፣ የሚያስፈልገው ብዙ ዕቃ ሲገናኝ ነው። ደብሊውፒኤ2 (WPA2) ወይም ደብሊውፒኤ3 (WPA3) የተባለውን የዋይፋይ ጥበቃ ይምረጡ፤ የይለፍ ቃሉ ከ8 ፊደል በላይ ይሁን። ብዙዎቻችን የምናደርገውን፣ ማለትም የራስን ስልክ ቁጥር የይለፍ ቃል ማድረግን ይተዉ፤ ቁጥርዎን የሚያውቅ ሁሉ ቁልፉን ይዟል ማለት ነው። ብሉቱዝ በጣም ቀርፋፋ ስለሆነ ከኢሜይል አያልፍም።

በየትኛውም መንገድ ቢያገናኙ፣ በዊንዶውስ ላይ ግንኙነቱን «ሜትርድ» (Metered)፣ ማለትም ዳታው የተገደበ፣ አድርገው ይመዝግቡት። ያለበለዚያ የዊንዶውስ ማሻሻያ ሳይጠይቅዎት ይወርድና ጥቅልዎን ይጨርሳል።

ስለ ነፃው አፕ፦ አይንኩት። እንዲህ ያለው አፕ የአገልግሎት ክፍያን ማምለጫ ከመሆኑም በላይ፣ የሚልኩትና የሚቀበሉት ሁሉ በማያውቁት ሰው ሰርቨር በኩል እንዲያልፍ ያደርጋል። በስምዎ በተመዘገበ ሲም የገዙትን ጥቅል ለራስዎ ላፕቶፕ ማጋራት ሌላ ነገር ነው፤ ብቻ የጥቅሉን ውል ያንብቡ። ለደንበኞች በክፍያ ለማከፋፈል ካሰቡ ግን የቴሌኮም ማጭበርበር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 761/2004 ያለ ፈቃድ የቴሌኮም አገልግሎት መስጠትን ስለሚያስቀጣ፣ አስቀድመው የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለሥልጣንን ይጠይቁ።

ተጨማሪ ጥያቄ፦ የኪስ ዋይፋይ ብገዛስ?

መልስ፦ ብዙ ጊዜ ስልክ የሚደወልልዎት ሰው ከሆኑ ይግዙ። በብዙ ስልኮች ላይ ጥሪ ሲመጣ ዳታው ይቆማል ወይም ይንቀረፈፋል፤ የራሱ ሲም ያለው ዕቃ ከዚህ ያድንዎታል። ሲገዙ ለአንድ ኩባንያ ብቻ ያልተቆለፈ መሆኑን ሁለቱንም ሲም እያስገቡ ያረጋግጡ።