የጀልባዬን ምሰሶ ብቻዬን ሳቆም ወደ ጎን ይወድቅብኛል

ሲያትል ነው የምኖረው። ካታሊና 22 የምትባል በመኪና የምትጎተት ትንሽ የሸራ ጀልባ አለችኝ። ከሆዷ ሥር ያለው ከባድ ብረት ወደ ላይ ስለሚሰበሰብ ተጎታች ላይ መጫኗ አያስቸግርም። ጣጣው ሸራው የሚሰቀልበት ምሰሶ ነው። 7.5 ሜትር ገደማ ይሆናል፤ ከሥሩ በብሎን ተይዞ ከኋላ ወደ ላይ ይነሳል።

ድሮ ከጓደኛዬ ጋር ነበር የምናቆመው። እሱ ከተማ ስለቀየረ አሁን ብቻዬን ነኝ። ከፊት እንጨት ደግፌ በገመድና በመዘውር ስስበው መነሳቱንስ ይነሳል። ግን ቀጥ እስኪል ድረስ ከግራና ከቀኝ የሚይዙት የጎን ሽቦዎች ላላ ይላሉ። ቅዳሜ ዕለት ትንሽ ነፋስ መጣና ምሰሶው ወደ ግራ ሲያዘነብል፣ ሥሩን የያዘው ብረት ጠመም ሲል በዓይኔ አየሁት። በጣም ደነገጥኩ።

ሽቦዎቹ የታሰሩት ከብሎኑ ዝቅ ብለው ስለሆነ ይመስለኛል። ሌላ የጎን ገመድ ልጨምር አስቤያለሁ። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳይላላ እንዲይዝልኝ የታችኛውን ጫፍ የት ላይ ልሰረው?