ጥቆማ፦ የናጋኖ ጦጣዎች፣ ዜንኮጂና የአካባቢው ምግብ በአንድ ቀን፤ ከአስጎብኚ ጋር ወይስ በራስ?

ጠያቂዋ፣ ከቶኪዮ፦
ጤና ይስጥልኝ። እናቴ በየካቲት የመጨረሻ ሳምንት ከአዲስ አበባ ልትጠይቀኝ ትመጣለች። ከመሥሪያ ቤቴ ያገኘሁት ፈቃድ ለአንድ ቀን ብቻ ስለሆነ፣ በፍል ውሃ የሚታጠቡትን የናጋኖ ጦጣዎች፣ የዜንኮጂን የቡድሃ ቤተ መቅደስና የአካባቢውን ምግብ በዚያው ቀን አጣምሮ የሚያሳይ፣ አስጎብኚ ያለው ጉዞ እየፈለግሁ ነው። እስካሁን ያገኘሁት ሦስት ዓይነት ነው፤ አንደኛው ከቶኪዮ በአውቶቡስ ወስዶ ማታ የሚመልስ፣ ሁለተኛው ጠዋት ከናጋኖ ባቡር ጣቢያ የሚጀምርና እስከዚያ ያለውን መንገድ ለተጓዡ የሚተው፣ ሦስተኛው ለብቻ የሚቀጠር አስጎብኚ። እናቴ 64 ዓመቷ ነው፤ አልፎ አልፎ ጉልበቷን ያማታል፤ ሁዳዴንም ትጾማለች። የሄደ ሰው ካለ የትኛው እንደሚሻልና ምሳውን እንዴት እንደተወጣው ቢነግረኝ አመሰግናለሁ።

ናጋኖ የተማርኩ፦
ከቶኪዮ በአውቶቡስ የሚነሳውን ይተዉት። መሄጃው ብቻ አራት ሰዓት ገደማ ስለሚፈጅ፣ እናትዎ ከጃፓን የሚያስታውሱት የአውቶቡሱን መጋረጃ ይሆናል። ለ1998ቱ የክረምት ኦሊምፒክ ሲባል እ.ኤ.አ. በ1997 በተከፈተው የሺንካንሰን (የፈጣን ባቡር) መስመር ግን አንድ ሰዓት ተኩል አካባቢ ነው፤ ትኬቱ ለአንድ ጉዞ ከ8,000 የን ትንሽ ከፍ ይላል። የጦጣዎቹ ፓርክ በክረምት የሚከፈተው ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት እስከ ቀኑ አሥር ሰዓት ስለሆነ፣ ጠዋት ከናጋኖ ጣቢያ የሚነሳው ጉዞ ሁሉንም ለማዳረስ ጊዜ ይኖረዋል። አስጎብኚው ፈቃድ ያለው መሆኑንም አስቀድመው ይጠይቁ፤ እስከ 2018 (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ ድረስ እየተከፈለው በውጭ ቋንቋ የሚያስጎበኝ ሰው ብሔራዊ ፈተና ማለፍ ነበረበት፤ ዛሬ ግን ማንም ሊሠራው ስለሚችል በአስጎብኚና በአስጎብኚ መካከል ያለው ልዩነት ሰፊ ነው።

የከሰረው ተጓዥ፦
እኔ ባለፈው ኅዳር መጨረሻ ሁለተኛውን ዓይነት ሞክሬ ስለነበር የደረሰብኝን ልናገር። የድርጅቱን ስም አልጠቅስም። ዜንኮጂን የጎበኘነው ባንዲራ የያዘች አስጎብኚ እየተከተልን፣ በሃያ አምስት ደቂቃ ውስጥ ነው። ጾመ ነቢያት መግባቱን በመጥቀስ ሥጋ እንደማልበላ ከሁለት ሳምንት በፊት ጽፌ «ተመዝግቧል» የሚል መልስ አግኝቼ ነበር፤ ምሳ ላይ የቀረበልኝ ግን በብረት ድስት የሚንተከተክ የሺንሹ (የናጋኖ) የበሬ ሥጋ ነው። ስቃወም ሥጋውን አንስተው፣ ከሥጋው ጋር የበሰለውን ጎመንና ቶፉ ትተውልኝ ሄዱ። ከዚያ በጫካው ውስጥ አርባ ደቂቃ ያህል ተጉዘን ስንደርስ አንዲት ጦጣ እንኳን አልነበረችም፤ በዚያ ወቅት ተራራው ላይ የሚበላ ፍሬ ስለሚበዛ አንዳንድ ቀን እንደማይወርዱ የተነገረን እዚያው ቆመን ነው። ገንዘቤ ይመለስልኝ ብዬ ስጽፍ ያገኘሁት መልስ «ጦጣዎቹ የድርጅታችን ሠራተኞች አይደሉም» የሚል ነበር።

ሒሳብ አዋቂ፦
በጣም ያሳዝናል። የከፈሉት በካርድ ነው? የምግቡ ጥያቄዎ ተመዝግቦ ሳለ ካልተፈጸመ፣ ከጠቅላላው ዋጋ የምሳውን ድርሻ ለይተው ይጠይቁ፤ ጦጣዎቹን በተመለከተ ግን ተስፋ የለዎትም።

የከሰረው ተጓዥ፦
በካርድ ነው። የምሳውን ድርሻ ለይቼ ጠይቄ፣ በሚቀጥለው ጉዞ የሚታሰብ ቅናሽ ሰጥተውኛል። የሚቀጥለው ጉዞ የሚባል ነገር እንደማይኖር ማን ይንገራቸው?

የደባርቅ ልጅ፦
ይህን ሁሉ መንገድ ተጉዞ ገላዋን የምትታጠብ ጦጣ ለማየት መሰለፍ ይገርመኛል። እናትየው ከኢትዮጵያ ነው የሚመጡት፤ ጭላዳ በመቶ እየሆነ ሣር ሲግጥ የሚውልበት አገር ትተው፣ በጃፓን በረዶ ላይ ተንሸራተው ጉልበታቸውን እንዲሰብሩ ማድረግ ምን የሚሉት ግብዣ ነው? የኛዎቹ ባይታጠቡም ቀጠሮ አያፈርሱም።

የእንስሳት ተማሪ፣ ከኪዮቶ፦
በስሜን ተራሮችም የመግቢያና የስካውት (የአጃቢ ጠባቂ) ክፍያ እንዳለ የደባርቅ ልጅ ያውቃል። ወደ ጥያቄው ልመለስ። የፓርኩ ስም ጂጎኩዳኒ ሲሆን ትርጉሙ «የሲኦል ሸለቆ» ማለት ነው፤ ከገደሉ ሥር የሚወጣው እንፋሎት ያወጣለት ስም ነው። ከባሕር ጠለል በላይ 850 ሜትር ላይ ይገኛል፤ የተከፈተው እ.ኤ.አ. በ1964 ነው፤ አበበ ቢቂላ ቶኪዮ ላይ ሁለተኛውን የማራቶን ወርቅ ባገኘበት ዓመት መሆኑ ነው። አጥር የለውም፤ ጦጣዎቹ የዱር እንስሳት ስለሆኑ ሲፈልጉ ይወርዳሉ፣ ሲፈልጉ ይቀራሉ። መታጠቡንም ቢሆን ያስተማራቸው ሰው አይደለም፤ በአቅራቢያው ካለ የእንግዳ ማረፊያ ገንዳ ገብታ ሙቀቱን የወደደች አንዲት ግልገል ጀመረችው፣ ሌሎቹም እርሷን አይተው ገቡ። ከሰው ጋር መታጠባቸው ለንጽሕና ስላልተመቸ ለብቻቸው ገንዳ ተሠራላቸው። ከኪዮቶ ዩኒቨርሲቲ የወጣ የ2018 (እ.ኤ.አ.) ጥናትም፣ በክረምት የሚታጠቡት ሴት ጦጣዎች በሰውነታቸው ያለው የጭንቀት ሆርሞን እንደሚቀንስ አሳይቷል። ስለዚህ የከሰረው ተጓዥ ያጋጠመው የወቅት ስሕተት ነው፤ ገንዳው የሚሞላው ብርዱ ሲጠና፣ በተለይ በጥርና በየካቲት ነው። የየካቲት መጨረሻ ገና አልረፈደም። እናትዎ ምግብ በእጃቸው ይዘው እንዳይገቡ፣ ዓይን ለዓይንም አፍጥጠው እንዳያዩዋቸው ይንገሯቸው፤ ጦጣዎቹ ማፍጠጥን እንደ ጠብ ይቆጥሩታል።

የኦያኪ ወዳጅ፦
ስለ አስጎብኚ የምትከራከሩት በከንቱ ነው። ወደ ዜንኮጂ በሚወስደው መንገድ ላይ አንዲት አሮጊት የሚጋግሩበት የኦያኪ ቤት አለ፤ ዘጠኝ ጊዜ ሄጄ ዘጠኙንም ጊዜ እዚያው በልቻለሁ። ኦያኪ ማለት የስንዴ ሊጥ ውስጥ ኖዛዋና የሚባለውን የአካባቢውን ጎመን፣ በሚሶ (ከአኩሪ አተር በሚቦካ ማባያ) የተለወሰ ባዶንጃን ወይም ዱባ አድርገው የሚጋግሩት ምግብ ነው። ሥጋ የለው፣ ወተት የለው፤ ጾመኛ ሌላ ምን ይፈልጋል?

ጥንቁቅ ጾመኛ፦
ኦያኪውን እኔም እወደዋለሁ፤ ሆኖም ጎመኑ የሚቀመምበት ፈሳሽ አንዳንድ ቤት ዳሺ ነው፤ ዳሺ ደግሞ ብዙውን ጊዜ ከደረቀ የቦኒቶ አሳ ይወጣል። የሶባውም (ፓስታ መሰሉ የጃፓን ምግብ) መረቅ እንደዚሁ ነው። ናጋኖ በሶባ ስለምትታወቅ ጉዞዎቹ ሁሉ እርሱን «ሥጋ የሌለው» ብለው ያቀርባሉ። ውሸት አይደለም፤ ለኛ ግን ጥያቄውን አይመልስም። ስለዚህ «ሥጋ የለውም ወይ?» ከማለት ይልቅ «የአሳ ዳሺ አለው ወይ?» ብለው ይጠይቁ።

ሒሳብ አዋቂ፦
አሳ በጾም ይበላል እኮ። እኛ ቤት ሁልጊዜ ይበላ ነበር።

ጥንቁቅ ጾመኛ፦
እርስዎ ቤት የሚበላው በጠያቂዋ እናት ቤት ላይበላ ይችላል። በተለይ በሁዳዴ።

ሒሳብ አዋቂ፦
የነፍስ አባቴን ጠይቄ ነው የምናገረው።

የኦያኪ ወዳጅ፦
አሮጊቷ ዳሺ አይጨምሩም።

ጥንቁቅ ጾመኛ፦
ጠይቀዋቸው ያውቃሉ?

የኦያኪ ወዳጅ፦
አልጠየቅሁም፤ ጣዕሙ ግን ይታወቃል።

እመቤት፣ ከናጎያ፦
የነፍስ አባቶቹን ለጊዜው እንተዋቸውና፣ ለጾመኛ እናት የሚሆን ምግብ እዚያው ዜንኮጂ ግቢ ዙሪያ አለ። ቤተ መቅደሱን የከበቡ 39 ሹኩቦ የሚባሉ የተሳላሚ ማደሪያዎች አሉ፤ የሚያቀርቡትም ሾጂን ርዮሪ የሚባለውን የመነኮሳት ምግብ ነው። በሥርዓቱ ከተሠራ ሥጋም አሳም እንቁላልም ወተትም የለበትም፤ መረቁ ከባሕር አረምና ከእንጉዳይ ይወጣል፤ ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት እንኳን አይገባበትም። (እናትዎ ይህን የመጨረሻውን ሲሰሙ «ታዲያ ምን ጣዕም አለው?» ማለታቸው አይቀርም፤ የእኔም እናት ብላለች።) አንዳንዶቹ ለማያድር እንግዳም ምሳ ያቀርባሉ፤ ነገር ግን ከቀናት በፊት ቦታ መያዝ ግዴታ ነው። በቡድን የሚደረጉት ጉዞዎች ምሳቸው አስቀድሞ የተወሰነ ስለሆነ ይህን አያካትቱም። ለብቻ የሚቀጠር አስጎብኚ የሚያዋጣው ለዚህ ነው፤ ዋጋው ከፍ ቢልም ምሳውንም ሰዓቱንም የሚወስኑት እናንተ ናችሁ።

የደባርቅ ልጅ፦
ኦርቶዶክስ እናትን በሁዳዴ ጣዖት ቤት ወስዶ የመነኩሴ ምሳ ማብላት። ድንቅ ፕሮግራም ነው።

እመቤት፣ ከናጎያ፦
ማየትና ማምለክ የተለያዩ ናቸው፤ ግድ ካላቸው ከበሩ ውጭ ሆነው ሊያዩት ይችላሉ። የኔ እናት ዋናውን አዳራሽ (አሁን የቆመው በ1707 የተሠራው ነው) ተዘዋውራ አይታ፣ ዋናው ምስል ተሰውሮ እንደሚኖርና ሊቀ ካህኑ እንኳን እንደማያየው አስጎብኚው ሲነግራት «እንደ ታቦት ነዋ!» ብላ ከሁላችንም ቀድማ ገባት። ለሕዝብ የሚታየው ቅጂው ነው፤ እርሱም በስድስት ዓመት አንድ ጊዜ፣ በእነርሱ አቆጣጠር በሰባተኛው ዓመት ነው የሚወጣው፤ በመጨረሻ የወጣው በ2022 ነበር። ከአዳራሹ ሥር ግድግዳውን በቀኝ እጅ እየዳሰሱ ቁልፍ የሚፈልጉበት ድቅድቅ ጨለማ መተላለፊያ አለ፤ ጉልበት ለሚያመው ሰው ደረጃው አይመከርም።

በራሴ የሄድኩ፦
ያለ አስጎብኚም ይቻላል። ከናጋኖ ጣቢያ የሚነሳው ፈጣን አውቶቡስ ወደ ፓርኩ መንገድ መጀመሪያ በአርባ ደቂቃ ገደማ ያደርሳል። በናጋኖ ዴንቴትሱ ባቡር እስከ ዩዳናካ መሄድም ይቻላል፤ ይህ መስመር የግል ኩባንያ ስለሆነ የጄአር ፓስ (ለውጭ ጎብኚዎች የሚሸጠው የባቡር ትኬት) አይሠራበትም። ለአንድ ቀን ሲባል ፓሱን መግዛት ራሱ አያዋጣም፤ የሰባት ቀኑ በ2023 ከ29,650 ወደ 50,000 የን ዘሏል። የፓርኩ መግቢያ ለአዋቂ 800 የን ነው። ከዚያ በኋላ ያለው 1.6 ኪሎ ሜትር የእግር መንገድ አብዛኛው ሜዳ ነው፤ መጨረሻው ላይ ደረጃ አለ። የሚያስፈራው ርቀቱ ሳይሆን የተረገጠው በረዶ ነው፤ መንገዱ መጀመሪያ አካባቢ የበረዶ ጫማ ይከራያል፤ የእናትዎን እግር ቁጥር በሴንቲ ሜትር ይወቁት። ጠዋት መጀመሪያ ጦጣዎቹን፣ ከሰዓት በኋላ ዜንኮጂን ያድርጉ፤ ቡድኖቹ በብዛት የሚሄዱት በተቃራኒው ስለሆነ ሰው ይቀንስላችኋል። ምሳችሁ ግን በዚያ ቅደም ተከተል ይዘገያል።

የከሰረው ተጓዥ፦
ቅናሹን የሚፈልግ ሰው ካለ ልሰጠው እችላለሁ።

ጠያቂዋ፣ ከቶኪዮ፦
ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። እናቴ ትናንት ወደ አገሯ ተመልሳለች። ጦጣዎቹን አይታለች፤ ሕፃን የታቀፈችዋን ጦጣ «ብርድ ይመታዋል» እያለች ስትቆጣ ነው የዋለችው። ከዜንኮጂ በር ፊት ለፊት፣ ከ1736 ጀምሮ ቅመም ከሚሸጠው ያዋታያ ኢሶጎሮ፣ ሰባት ዓይነት ቅመም የተቀላቀለበትን ሺቺሚ በጣሳ ገዝታ፣ ሚጥሚጣ ትሁን አትሁን እስካሁን አልወሰነችም። በስልክ ሁለት ጣሳ ጨምሬ እንድልክላት አዛኛለች። ቶኪዮ ውስጥ የሚሸጥበትን ቦታ የሚያውቅ ሰው አለ?

ሒሳብ አዋቂ፦
እንኳን በሰላም ተመለሱ። ታዲያ በመጨረሻ የሄዳችሁት በየትኛው ነው? ምሳውስ?

የኦያኪ ወዳጅ፦
ሺቺሚው ለኦያኪም ይሆናል። አሮጊቷ ጋ ሄዳችሁ ነበር?